የዝውውር ደብዳቤ ለደረሰው የአዲስ አበባ መምህር፦ የትኛውን በር ቀድሞ ማንኳኳት ይሻላል?

ደብዳቤው የሚመጣው ሮስተር ተዘግቶ፣ ካርድ ተሰጥቶ፣ ሰው ለክረምቱ እፎይ ሊል ሲል ነው። ሐምሌ መጨረሻ ላይ ትጠራላችሁ፣ ፈርሙ ትባላላችሁ፣ ከመስከረም ጀምሮ እዛ ነህ፣ እዛ ነሽ። እኔ ፒያሳና አራት ኪሎ መሀል ያለ ትምህርት ቤት 14 ዓመት አስተምሬያለሁ፤ በኮሪደር ልማቱ ሰፈሩ ሲነሳ ተማሪው ቀነሰ፣ ሴክሽኖች ተጠቃለሉ፣ "ትርፍ መምህር" የሚባል ሊስት ወጣ፣ ስሜ አለበት። የተመደብኩት ከተማው ጫፍ ነው፣ ሶስት ታክሲ፣ ጠዋት 11 ሰዓት ተኩል ካልወጣሁ ሰልፍ አልደርስም።

ከዛ በኋላ ያለው ነው ግራ የሚያጋባው። አንዱ የመምህራን ማህበሩ ጋ ሂድ ይላል፣ አንዱ እንባ ጠባቂ፣ አንዱ ቀጥታ ልደታ ፍርድ ቤት ሄደህ ክሰስ፣ ሌላው ደግሞ ዝም ብለህ ቁጭ በል አትሂድ ይላል (ይሄ ከሁሉም የከፋው ምክር ነው፣ እመለስበታለሁ)። ሁሉም በር ለሁሉም ሰው አይሆንም። አንዱን በር በስህተት ቀድማችሁ ካንኳኳችሁ ደግሞ ሌላው ሊዘጋባችሁ ይችላል። ስለዚህ መንገዶቹን በአንድ አይነት መለኪያ ላወዳድራቸው።

መጀመሪያ መለኪያዎቹ

እኔ የማወዳድረው በአምስት ነገር ነው። አንደኛ፣ ያ አካል ደብዳቤውን የመሻር ወይም የማገድ ስልጣን አለው ወይስ ሰምቶ አዝኖ ምክር ብቻ ነው የሚሰጠው? ሁለተኛ፣ ትምህርት ሳይጀመር መልስ ይሰጣል ወይ፤ ህዳር ላይ የሚመጣ ውሳኔ ልጆቹ ከለመዷችሁ በኋላ ነውና ዋጋው ይቀንሳል። ሶስተኛ ወጪ፣ ብር ብቻ ሳይሆን የምትቀሩበት ቀንም ይቆጠራል። አራተኛ፣ ይሄኛው ካልተሳካ ቀጣዩ በር ክፍት ይቆያል ወይ? አምስተኛ፣ ከር/መምህሩና ከወረዳው ጋር ያላችሁን ነገር ምን ያደርገዋል፣ ምክንያቱም ብታሸንፉም የምትመለሱት እነሱ ጋ ነው።

ከነዚህ በፊት ግን ራሳችሁን መጠየቅ ያለባችሁ አንድ ጥያቄ አለ፦ የኔ ዝውውር ችግሩ ምንድነው? ይሄን ሳይለዩ የሚሄዱ ናቸው አብዛኞቹ የሚሸነፉት። ሶስት አይነት ነው ያየሁት።

አንደኛው የኑሮ ችግር ነው። ራቀኝ፣ ህጻን ልጅ አለኝ፣ እናቴን የማስታምመው እኔ ነኝ፣ ህመም አለብኝ።

ሁለተኛው የአሰራር ጥሰት ነው። መስፈርቱ አልተለጠፈም፣ ነጥብ ሲደመር አገልግሎት ዘመኔ ጎድሏል፣ ከኔ በኋላ የተቀጠረ ቀርቶ እኔ ተነሳሁ፣ የፈረመው ሰው ስልጣኑ አይደለም።

ሶስተኛው በዝውውር ስም የመጣ ቅጣት ነው። ስብሰባ ላይ ተናግሬ ነበር፣ ውጤት አልቀይርም ብዬ ነበር፣ ከዛ በወሩ ደብዳቤ።

አንደኛው ሰብአዊ ጥያቄ ነው፣ የሚመለሰውም በአብዛኛው በአስተዳደር በጎ ፈቃድ ነው። ሁለተኛውና ሶስተኛው ግን የህግ ጥያቄ ናቸው። "ራቀኝ" ብቻውን በህግ ፊት ደካማ ነው፤ ያማል ግን እውነት ነው። የመንግስት ሰራተኛ ህጉ መስሪያ ቤቱ ለስራው አስፈላጊ ሲሆን ሰራተኛውን በተመሳሳይ ደረጃና ደመወዝ አዛውሮ እንዲያሰራ ይፈቅድለታል። ሌላ አገርም ነገሩ ያው ነው፤ ህንድ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1991 የቢሃር ግዛት የአንደኛ ደረጃ መምህራን ጉዳይ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶ ነበር። ሴት መምህራን ባሎቻቸው ወደሚሰሩበት ቦታ ሲዛወሩ በነሱ ምክንያት የተነሱት ሌሎች መምህራን ነበሩ የከሰሱት፣ የግዛቱ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ዝውውሩን ሰረዘው፣ ጠቅላዩ ግን ያንን ውሳኔ ሽሮ ዝውውሩን መልሶ አጸናው። አስገዳጅ ህግ ካልተጣሰ ወይም ክፉ ልቦና ካልታየበት ፍርድ ቤት ዝውውር ውስጥ አይገባም ነው ያለው። የኛም ዳኛ ጥያቄ በአጭሩ ይሄው ነው፦ የትኛው ህግ ተጣሰ?

የትኛው ህግ ነው የሚገዛን

እዚህ ላይ ብዙ ሰው ይሳሳታል። የግል ትምህርት ቤት የሚያስተምር ጓደኛችሁ የሚጠቅሰው የአሰሪና ሰራተኛ አዋጅ 1156/2011 እኛን አይመለከትም። የመንግስት ት/ቤት መምህር የመንግስት ሰራተኛ ነው፣ አዲስ አበባ ደግሞ የራሷ የመንግስት ሰራተኞች አዋጅ አላት፣ ቁጥር 56/2010። የፌዴራሉ 1064/2010 ነበር፣ በ2017 በአዋጅ 1353/2017 ተተክቷል። ህግ ስለሚቀያየር ደብዳቤያችሁ ላይ የተጠቀሰውን አዋጅና መመሪያ ቁጥር እዩ፣ ምንም ካልተጠቀሰ ደግሞ ያ ራሱ አንድ የቅሬታ ነጥብ ነው። ነጋሪት ጋዜጣ አራት ኪሎ ብርሃንና ሰላም ማተሚያ ቤት ይሸጣል፣ የሞባይል ፒዲኤፍ ላይ ከመተማመን የታተመውን መያዝ ይሻላል፣ ቴሌግራም ላይ የሚዞረው አንዳንዱ ረቂቅ ነው።

1. ማመልከቻና ልውውጥ

ቀላሉ፣ ፈጣኑ፣ ለአንደኛው አይነት ችግር ትክክለኛው። ለክፍለ ከተማው ትምህርት ጽ/ቤት ኤች አር ታመለክታላችሁ፣ የህክምና ማስረጃ፣ የልጅ የልደት ሰርተፍኬት፣ ያለውን ሁሉ ታያይዛላችሁ። ልውውጥ ማለት ደግሞ እዛ አካባቢ የሚኖር፣ የናንተን ትምህርት የሚያስተምር፣ ደረጃው የተመሳሰለ መምህር አግኝቶ ሁለታችሁም ፈርማችሁ መጠየቅ ነው። አያት ወይ ኮየ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ደርሶት አራት ኪሎ ድረስ የሚመላለስ መምህር ሞልቷል። እኔ የማውቃቸው መሀል ከተማ የተመለሱ መምህራን አብዛኞቹ በዚህ ነው የተመለሱት፣ በፍርድ አይደለም።

ጉዳቱ ምንድነው፣ መብት አይደለም፣ እምቢ ቢሉ "ለምን" ብሎ የሚያስገድድ የለም። ትልቁ አደጋ ደግሞ ጊዜ ይበላል፣ "እናየዋለን" እየተባላችሁ ቅሬታ ለማቅረብ በህግ የተሰጠው ቀን ያልፋል። የኔ ስህተት እዚህ ጋ ነበር። በቃል ሄድኩ፣ በቃል መልስ ተሰጠኝ፣ ሶስት ሳምንት ጠበቅኩ፣ የመስሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ ጋ ስደርስ "ጊዜው አልፏል" ተባልኩ። አብራኝ የተነሳች ጓደኛዬ ደብዳቤው በደረሳት ቀን ማታ ጽፋ በነጋታው ሪከርድ ክፍል ገቢ አስደርጋ ነበር፣ የሷ ታየ።

አንድ ለየት ያለ ነገር። ጤና ወይም አካል ጉዳት ካለ ማመልከቻው ልመና ብቻ አይደለም። በጤና ምክንያት በያዘው ቦታ መስራት ያልቻለ ሰራተኛ በሐኪም ማስረጃ ወደሚመቸው ስራ እንዲዛወር የመንግስት ሰራተኛ ህግ ያውቃል፣ የአካል ጉዳተኞች የስራ ስምሪት አዋጅ 568/2000 ደግሞ አሰሪው ሁኔታውን እንዲያመቻች ግዴታ ይጥልበታል። ይሄን አዋጅ ጠቅሳችሁ ጻፉ፣ ማመልከቻው ወዲያው ክብደት ያገኛል።

2. ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ

ይሄ መታለፍ የሌለበት በር ነው። ምንም ባትጠብቁበት እንኳ ግቡበት፣ ምክንያቱም ቀጥሎ ያለው ሁሉ "መጀመሪያ መስሪያ ቤትህ ውስጥ ቅሬታ አቅርበሃል ወይ?" ብሎ ነው የሚጀምረው። ቀነ ገደቡ በቀናት የሚቆጠር ነው፣ በወራት አይደለም፣ ደብዳቤው ከደረሳችሁ ቀን ነው የሚጀምረው። ስለዚህ ስትፈርሙ የተቀበላችሁበትን ቀን በራሳችሁ እጅ ጻፉበት፣ የኋላ ቀን ተጽፎ የመጣ ደብዳቤ ካለ ይሄ ያድናችኋል።

ኮሚቴው ራሱ ከመስሪያ ቤቱ ሰራተኞች የተውጣጣ ነው፣ የውሳኔ ሀሳቡን የሚያጸድቀው የበላይ ኃላፊው ነው፣ ዝውውሩን የፈረመው ሰው ራሱ ሊሆን ይችላል ማለት ነው። ታዲያ ጥቅሙ? ሁለት ነው። የነጥብ ስህተት ከሆነ፣ ዓመት ጎድሎ ከተደመረ፣ ማንም ሳይጣላ ይስተካከላል፣ ይሄን በዓይኔ አይቻለሁ። ካልተስተካከለ ደግሞ የጽሁፍ ምላሽ ታገኛላችሁ፣ ያ ወረቀት የሚቀጥለው በር ቁልፍ ነው። የጽሁፍ ምላሽ አንሰጥም ካሉ ምላሽ እንዲሰጥ የጠየቃችሁበትን ደብዳቤ ገቢ አስደርጋችሁ ቀኑና ቁጥሩ ያለበትን ኮፒ ያዙ።

አጻጻፉ ላይ ልጨምር። ሶስት ገጽ ሮሮ አትጻፉ። የትኛው አዋጅ ወይ መመሪያ፣ የትኛው ቁጥር፣ እንዴት እንደተጣሰ፣ ማስረጃው፣ የምትጠይቁት ምንድነው፣ በቃ አንድ ገጽ ተኩል። ሌላ ሰው ስም እየጠራችሁ "እሱ ለምን አልተነሳም" ካላችሁም የሱን የቅጥር ቀንና የናንተን አስቀምጡ እንጂ ዘመዱ ስለሆነ ነው አትበሉ፣ የማታረጋግጡት ነገር ሙሉ ማመልከቻውን ያበላሸዋል።

3. የመንግስት ሰራተኞች አስተዳደር ፍርድ ቤት

ከተማዋ በቻርተሩ አዋጅ 361/1995 የራሷ ፍርድ ቤቶችና የራሷ የመንግስት ሰራተኞች አስተዳደር ፍርድ ቤት አላት። እዚህ ስትደርሱ ውሳኔው አስገዳጅ ነው፣ ምክር አይደለም። ለሁለተኛውና ለሶስተኛው አይነት ችግር ዋናው ሜዳ ይሄ ነው።

ግን ስልጣኑ በአዋጁ ተዘርዝሮ የተሰጠ ነው፣ ማንኛውንም ቅሬታ አያይም። ስለዚህ ይግባኛችሁ "ተዛወርኩ" ብሎ ከሚጀምር ያጣችሁትን መብት ይዞ ይጀምር፦ ደረጃዬ ወርዷል፣ ጥቅማ ጥቅሜ ተቋርጧል፣ ደመወዜ ታግዷል፣ ወይም ያለ ዲሲፕሊን ክስ ተቀጥቻለሁ።

የመጨረሻው ላይ ትንሽ ልቆይ፣ ጠንካራው ክርክር እሱ ስለሆነ። በመንግስት ሰራተኛ ህጋችን የዲሲፕሊን ቅጣቶች ተዘርዝረው የተቀመጡ ናቸው፦ የቃል ማስጠንቀቂያ፣ የጽሁፍ ማስጠንቀቂያ፣ የደመወዝ መቀጮ፣ ከደረጃና ከደመወዝ ዝቅ ማድረግ፣ ስንብት። ዝውውር የሚባል ቅጣት እዛ ውስጥ የለም። ለመቅጣት ደግሞ ክስ በጽሁፍ መድረስ አለበት፣ መልስ መስጠት አለባችሁ፣ ምስክር ይሰማል። እና አንድ መምህር ዛሬ ከኃላፊው ጋር ተጋጭቶ በሳምንቱ ብቻውን ነጥሎ ከተዛወረ፣ በሱ ቦታ ደግሞ ያንኑ ትምህርት የሚያስተምር ሌላ ሰው ከመጣ "ትርፍ ስለሆነ ነው" የሚለው ምክንያት ይፈርሳል። እነዚህን ሶስት ነገሮች በወረቀት ማሳየት ከቻላችሁ፣ የግጭቱ ቀን፣ የደብዳቤው ቀን፣ የተተካው ሰው ምደባ፣ ክርክራችሁ ቆሟል። ቃለ ጉባኤ፣ የክፍለ ጊዜ ድልድል፣ ፕሮግራም፣ ሁሉንም ኮፒ አድርጉ፣ ከተዛወራችሁ በኋላ ማግኘት ከባድ ነው።

እግድም (ዝውውሩ ለጊዜው እንዲቆም የሚያዝ ትዕዛዝ) እዚሁ ጠይቁ። ከይግባኙ ጋር አብሮ፣ በመሀላ በተደገፈ ማመልከቻ፣ ውሳኔው እስኪሰጥ ብትጠብቁ የማይካስ ጉዳት የሚደርስባችሁ ለምን እንደሆነ አስረዱ። "ትራንስፖርት አወጣለሁ" የሚካስ ጉዳት ነው፣ በየሁለት ቀኑ የሚደረግ የህክምና ክትትል መቋረጡ ግን አይደለም።

በፍሬ ነገር የተሰጠው ውሳኔ የመጨረሻ ነው፣ ይግባኝ የሚባለው በህግ ስህተት ላይ ነው። ስለዚህ "ይግባኝ ላይ አመጣዋለሁ" ብላችሁ ማስረጃ አታስቀሩ።

4. ልደታ፣ ከፍተኛው ፍርድ ቤት

የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ 1183/2012 ሲወጣ ብዙ ሰው ደስ ብሎት ነበር፣ ልክም ነው፣ የአስተዳደር አካል ውሳኔ በፍርድ እንዲከለስ መንገድ ከፍቷል፣ የአዲስ አበባ ከተማ አስፈጻሚ አካላትንም ይመለከታል። ነገር ግን ቀጥታ ደብዳቤያችሁን ይዛችሁ ከሄዳችሁ በውስጥ ያለውን መፍትሄ አሟጠሃል ወይ ትባላላችሁ፣ ለመንግስት ሰራተኛ ደግሞ ለይቶ የተሰጠ መድረክ አለ ተብሎ መዝገቡ ሊዘጋ ይችላል። ለአንድ ሰው ዝውውር ይሄ ረጅሙና ውዱ መንገድ ነው።

ጥሩ የሚሆነው መቼ ነው? ችግሩ መመሪያው ላይ ሲሆን። አዋጁ መመሪያ ሲወጣ ህዝብ አስተያየት እንዲሰጥበት፣ በፍትህ ሚኒስቴር እንዲመዘገብ፣ ይፋ እንዲሆን ያዛል፤ ያልተመዘገበ መመሪያ ሰው ላይ ተፈጻሚ አይሆንም። አርባ መምህር "በውስጥ መመሪያ" ተብሎ ከተነሳና ያ መመሪያ የትም ካልተመዘገበ አርባው ተሰብስቦ አንድ ጠበቃ ይዞ ልደታ መሄዱ ትርጉም አለው፣ ወጪውም ለአርባ ይካፈላል።

5. ማህበሩና እንባ ጠባቂ

የመምህራን ማህበር ደብዳቤ አይሽርም። ግን በር ያስከፍታል፣ ብዙ ሰው ባንድ ላይ ሲነሳ ቢሮ ድረስ ተደራዳሪ ይሆናል። ወርሃዊ መዋጮ ከደመወዛችሁ እየተቆረጠ ከሆነ ተጠቀሙበት፣ ቢያንስ የዝውውር መመሪያውን ሙሉ ቅጂ ጠይቋቸው።

እንባ ጠባቂ ተቋም በነጻ ነው፣ የአስተዳደር በደል ይመረምራል፣ የሚሰጠው ግን የመፍትሄ ሀሳብ ነው። አንድ ነገር ልብ በሉ፣ ፍርድ ቤት የተያዘ ጉዳይ አያይም። ስለዚህ ሁለቱን ባንዴ አትያዙ። ደግሞ እንባ ጠባቂ ጋ መሄድ የይግባኙን ቀን አያቆመውም፣ በዚህ የተበላ ሰው አውቃለሁ።

ባጭሩ በሰንጠረዥ

| መንገድ | መሻር ይችላል? | ፍጥነት | ወጪ | ለማን |
|---|---|---|---|---|
| ማመልከቻ፣ ልውውጥ | ቢሮው ከፈቀደ | ፈጣን | ፎቶኮፒ | ርቀት፣ ልጅ፣ ጤና |
| ቅሬታ ሰሚ | አዎ፣ ኃላፊው ካጸደቀ | መካከለኛ | ፎቶኮፒ | ለሁሉም፣ የግድ |
| አስተዳደር ፍርድ ቤት | አዎ፣ አስገዳጅ | ወራት | ምልልስ፣ ካስፈለገ ጠበቃ | የአሰራር ጥሰት፣ የተደበቀ ቅጣት |
| ከፍተኛ ፍርድ ቤት | አዎ | ረጅም | ከፍተኛ | ያልተመዘገበ መመሪያ፣ በቡድን |
| መምህራን ማህበር | አይ | እንደ ጉዳዩ | መዋጮ | ብዙ ሰው ሲነሳ |
| እንባ ጠባቂ | አይ፣ ሀሳብ ይሰጣል | ይዘገያል | ነጻ | ፍርድ ቤት ላልሄደ |

እንደየሁኔታው

ብር ከሌላችሁና ችግሩ ርቀት ከሆነ፦ ማመልከቻና ቅሬታ በአንድ ቀን አስገቡ፣ ጎን ለጎን የልውውጥ ሰው ፈልጉ። ፍርድ ቤት አትሂዱ፣ እንጀራችሁን የሚበላ ክርክር ነው።

ቅጣት ነው ብላችሁ የምታምኑና ወረቀት ያላችሁ፦ ቅሬታ፣ ከዛ አስተዳደር ፍርድ ቤት፣ እግድ ጋር። ጠበቃ ግዴታ አይደለም፣ ራሳችሁ መከራከር ትችላላችሁ፣ ግን ይግባኙን ህግ የሚያውቅ ሰው ቢያየው ይሻላል። ስድስት ኪሎ የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ህግ ትምህርት ቤት ነጻ የህግ ድጋፍ ማዕከል አለው፣ ለሴት መምህራን ደግሞ የኢትዮጵያ ሴት ህግ ባለሙያዎች ማህበር በነጻ ያግዛል።

ብር ካላችሁም ብቻችሁን ከሆናችሁ ለከፍተኛው ፍርድ ቤት አትቸኩሉ። ያንን ገንዘብ አስተዳደር ፍርድ ቤት ላይ ጥሩ ጠበቃ ያዙበት።

ካላንደሩንም አስሉ። ነሐሴ ላይ ፍርድ ቤቶች ለክረምት ሲዘጉ ተረኛ ችሎት ነው የሚቀረው፣ ዝውውር ደግሞ የሚወጣው ልክ በዛው ሰሞን ነው። አስቸኳይ እግድ የምትፈልጉ ከሆነ ተረኛ ችሎት የት እንዳለ ቀድማችሁ ጠይቁ፣ መስከረም ይደርሳል አትበሉ።

እና ያ "አትሂድ፣ ቁጭ በል" የሚለው ምክር። እግድ በእጃችሁ እስካልገባ ድረስ አዲሱ ትምህርት ቤት ሄዳችሁ ሪፖርት አድርጉ። ከስራ ገበታ መቅረት ራሱን የቻለ የስንብት ምክንያት ነው፣ ዝውውሩ ህገወጥ ሆኖ ሳለ እናንተ በመቅረት ልትባረሩ ትችላላችሁ፣ ከዛ ክርክሩ ስለ ዝውውር መሆኑ ይቀርና ስለ መቅረት ይሆናል። ሪፖርት ስታደርጉ ሁለት መስመር ጻፉና ገቢ አስደርጉ፦ "በዝውውሩ ላይ ያቀረብኩት ቅሬታ እንደተጠበቀ ሆኖ ስራ መጀመሬን አሳውቃለሁ።" ጓደኛዬ ይሄን ሁለት መስመር ጽፋ ነው ስራ የጀመረችው፣ ጥቅምት ላይ አስተዳደር ፍርድ ቤት ስትቀርብ የመስሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ "ተቀብላ ነው የሄደችው" ሲል ያወጣችው ያንን ኮፒ ነበር፣ የገቢ ማህተሙ ላይ ቀኑ ይነበባል።